ልጆች ተነስተው የማይሄዱበት ፊልም፦ ከቱሉ ዲምቱ ሆኖ የቤተሰብ ፊልም መጻፍና ማዘጋጀት

የመጀመሪያ ፊልሜን ያሳየሁት አዲስ አበባ ጫፍ፣ ቱሉ ዲምቱ ኮንዶሚኒየም፣ ኮሚናሉ (የነዋሪው የጋራ ቤት) ውስጥ ነው። 22 ደቂቃ ነበር። ግድግዳው ላይ አንሶላ ወጥሬ፣ ፕሮጀክተር ለምኜ፣ የብሎኩን ልጆች በሙሉ ጠራሁ። ስድስተኛው ደቂቃ ላይ ግማሾቹ የሉም። ውጪ ጨለማው ውስጥ አንዱ «ኩኩሉ!» ሲል፣ ሌሎቹ «አልነጋም!» ብለው ሲመልሱ ይሰማኛል። ፊልሜ ውስጥ ደግሞ አንድ ሽማግሌ ስለ ታዛዥነት እየመከሩ ነበር። ልጆቹ ልክ ነበሩ። እኔም ስምንት ዓመቴ ቢሆን ወጥቼ እደበቅ ነበር።

ይህ ከሆነ ሰባት ዓመት አለፈው። ከዚያ ወዲህ የሠራሁት አንዳንዱ ቴሌቪዥን ላይ ወጥቷል፣ አንዳንዱ ሃርድ ዲስክ ውስጥ ተኝቷል። የቤተሰብ ፊልም ደራሲና ዳይሬክተር መሆን ለምትፈልጉ፣ በተለይ እንደኔ ከከተማው ጫፍ ለምትኖሩ፣ የምሠራበትን መንገድ በቅደም ተከተል ላስቀምጥላችሁ።

በቅድሚያ ግን እንግባባ። የቤተሰብ ፊልም ማለት አያትና የስድስት ዓመት ልጅ አንድ ሶፋ ላይ ተቀምጠው የሚያዩት ነው። የሚያሳፍር ነገር መጣ ብሎ ሪሞት ፍለጋ የሚደናበር የለም። የሚሰለችም የለም። ከሁለቱ የሚከብደው ሁለተኛው ነው።

1. ደረጃው ላይ ተቀመጡ

ላፕቶፕ ከመክፈታችሁ በፊት አንድ ሳምንት አዳምጡ። ልጆች ከትምህርት ቤት ከሚመለሱበት ከ10 ሰዓት ጀምሮ እስኪመሽ ድረስ ደረጃ ላይ ወይም ሱቅ በር ላይ ቁጭ በሉ። ደብተር ይበቃል። በስልክ አትቅረጹ፤ የሰው ልጅ ነው። ምን እያደረጋችሁ እንደሆነም ለእናቶቹ አስቀድማችሁ ንገሩ። ካልነገራችሁ በሦስተኛው ቀን የብሎክ ኮሚቴ ይጠራችኋል። እኔ ተጠርቻለሁ።

የጨዋታ ሕጋቸውን ጻፉ። ሰኞ ማክሰኞ ላይ መስመር የረገጠች ልጅ እንዴት እንደምትከራከር ጻፉ። የሚፈሩትን ጻፉ፦ ካርድ የሚሰጥበት ቀን፣ የጥበቃው ዱላ፣ ሌሊት ከሜዳው በኩል የሚጮኸው ጅብ። የሚደብቁትንም ጻፉ። ከሁሉም በላይ አነጋገራቸውን ያዙ። እኛ ትልልቆቹ ስንጽፍ ልጅ «አባዬ፣ ዛሬ በትምህርት ቤት ያጋጠመኝን ላጫውትህ» ይላል። የእኛ ብሎክ ልጅ «አባ፣ ምን እንደሆነ ታውቃለህ?» ይልና መልሱን ሳይጠብቅ ይሮጣል።

2. አንድ ትንሽ ነገር ይጥፋ

ጀማሪ ደራሲ ልጆችን የያዘ ፊልም ሲያስብ ወይ ወላጅ አልባ ልጅ፣ ወይ የሚታፈን ልጅ፣ ወይ አገር የሚያድን ልጅ ይመጣበታል። ተዉት። ኢራናዊው ዳይሬክተር ማጂድ ማጂዲ፣ ኋላ ለኦስካር የታጨውን ፊልሙን በ1997 እ.ኤ.አ. የሠራው አንድ ልጅ የእህቱን ጫማ በመጣሉ ላይ ነው። ወንድምና እህት አንድ ጫማ በፈረቃ ያደርጋሉ፣ አለቀ። የእኛው ያሬድ ዘለቀም በ2015 እ.ኤ.አ. ካን ፌስቲቫል ይፋዊ ምርጫ ውስጥ የገባውን የመጀመሪያውን የኢትዮጵያ ፊልም ያዘጋጀው በአንድ ልጅና በበጉ ታሪክ ነው። ለልጅ ጫማና በግ ትንሽ ነገር አይደሉም።

አሁን እየጻፍኩት ያለውን ልስጣችሁ። ወንድም ዘጠኝ ዓመቱ ነው፣ እህት አምስት። ሁለተኛ ፎቅ ይኖራሉ። እናት ከሥራ የምትገባው ከምሽቱ 2 ሰዓት ነው። ዛሬ ደግሞ ውሃ የሚመጣበት ቀን ነው፤ 11 ሰዓት መጥቶ 1 ሰዓት ይሄዳል። በርሜሉ ካልሞላ ቤቱ ለአራት ቀን ውሃ የለውም። ልጁ ቁልፉን ጥሏል።

እስካሁን ክፉ ሰው የለም። ግን ልጁ የሚፈልገው ነገር አለ፣ የሚከለክለው ነገር አለ፣ ሰዓቱም እየሄደ ነው። እዚህ ላይ «ለምን ለእናቱ አይደውልም?» ብላችሁ ራሳችሁን ጠይቁ። ተመልካች መጀመሪያ የሚጠይቀው ይህንኑ ነው። በአንድ ስልክ የሚፈታ ችግር ፊልም አይሆንም። እኔ ባለሱቁ ስልኩን እንዲሰጠው አደረግሁ። ልጁ ግን የእናቱን ቁጥር እስከ ስድስተኛው ድረስ ብቻ ነው የሚያስታውሰው። ቀሪዎቹን እህቱ በዘፈን መልክ ታውቃቸዋለች፤ እሷ ደግሞ አኩርፋለች።

ለትልልቆቹ የሚሆነውን ከሥር አስቀምጡ። መለዋወጫ ቁልፉ ያለው ግራውንድ ላይ የሚኖሩት እትዬ ጋር ነው። እናትና እትዬ በእቁብ ምክንያት ተቀያይመው ከፋሲካ ወዲህ ሰላም አይባባሉም። ልጁ የሚያየው ቁልፉን ነው። ሶፋው ላይ ያሉት አያት የሚያዩት ኩርፊያውን ነው። ሁለቱም አንድ ፊልም እያዩ ነው።

ቀጥሎ ምክሩን አውጡ። እኔ ሰባት ዓመት የፈጀብኝ እዚህ ጋ ነው። እንደ መጀመሪያው ረቂቄ አትጻፉ፦

እናት፦ ልጄ፣ ውሸት መጥፎ ነገር ነው። እውነት ግን ሁልጊዜ ታድናለች።
ልጅ፦ እሺ እማዬ፣ ሁለተኛ አልዋሽም።

አሁን ያለው እንዲህ ነው፦

እናት፦ ቁልፉስ?
ልጅ፦ ቦርሳዬ ውስጥ።
እናት፦ ቦርሳህስ?
(ዝም ይላል። እህቱ ወደ ጣሪያ ታያለች።)
ልጅ፦ እትዬ ጋ።

ልጆች ሁለተኛውን ሲያዩ ይስቃሉ፤ እነሱም እንዲህ ስለሚያደርጉ። ጎረቤቴ ረቂቁን አንብባ «ታዲያ ትምህርቱ የታለ?» አለችኝ። የቤተሰብ ፊልም የምትሠሩ ከሆነ ይህን ጥያቄ ዕድሜ ልካችሁን ትሰሙታላችሁ። ፈገግ ብሎ ማለፍ ነው።

3. ስክሪፕቱን በአፍ ለኩት

አቀማመጡ ቀላል ነው። እያንዳንዱ ትዕይንት ውስጥ ወይም ውጪ፣ ቦታው፣ ቀን ወይም ማታ ተብሎ ይጀምራል። ከዚያ የሚታየውና የሚሰማው ብቻ ይጻፋል። «ልጁ ያለፈውን ዓመት አስታወሰ» ብሎ መጻፍ ለካሜራማኑ ምንም አይሰጠውም።

አንድ ገጽ አንድ ደቂቃ ነው የሚባለው ልኬት የመጣው ከእንግሊዝኛው የአጻጻፍ ፎርማት ነው። በእኛ ፊደል፣ በተለያየ ፎንት፣ አያስተማምንም። ጮክ ብላችሁ እያነበባችሁ በስልክ ሰዓት ለኩ። ለመጀመሪያ ሥራ ከ10 ደቂቃ አትለፉ፣ ከሦስት ሎኬሽንም (የቀረጻ ቦታ) አትብለጡ። ሦስቱም በእግር የሚደረስባቸው ይሁኑ። ከቱሉ ዲምቱ መገናኛ ደርሶ መመለስ ብቻውን ግማሽ የቀረጻ ቀን ይበላል።

ስክሪፕቱን ለሰው ከመላካችሁ በፊት አእምሯዊ ንብረት ባለሥልጣን ሄዳችሁ አስመዝግቡ። በአዋጅ ቁጥር 410/1996 መሠረት ሥራው ከተጻፈበት ጊዜ ጀምሮ መብቱ የእናንተ ነው። ምዝገባው የሚጠቅመው ክርክር ሲመጣ ለማስረጃ ነው። የተጻፈ ስክሪፕት እንጂ ባዶ ሐሳብ ጥበቃ እንደሌለውም እወቁ። ካፌ ውስጥ ያወራችሁትን ማንም ሊሠራው ይችላል።

4. ልጆቹን በጨዋታ ምረጡ

በወላጆች ቀን መድረክ ላይ ግጥም የምታቀርበውን ልጅ ሁሉም ይጠቁማችኋል። ጎበዝ ናት። ግን እጇን እየዘረጋች መናገር ለምዳለች፤ ያንን ማስለቀቅ ከባድ ነው። እኔ ኦዲሽን ስጠራ ቃለ ተውኔት አላስነብብም። ሁለት ልጆች አቀርብና አንድ ብይ ከሁለት አንዳቸው ኪስ ውስጥ እንዲደብቁ አደርጋለሁ። ማን ጋ እንዳለ የምገምተው እኔ ነኝ። ብዙ የሚምል ልጅ አይሆነኝም። ዝም ብሎ የሚያየኝን እወስዳለሁ።

የተመረጡትን ልጆች ስክሪፕት አታስሸምድዷቸው። እንደ ተረት በአፍ ንገሯቸው። ተስፋዬ ሳህሉ፣ አባባ ተስፋዬ፣ ከ40 ዓመት በላይ በቴሌቪዥን ልጆችን ያስቀመጡት በወንበርና በተረት ነው። ከነገራችኋቸው በኋላ በራሳቸው ቃል ይናገሩት። ከእናንተ ቃል የእነሱ ይሻላል።

ሕጉን አትርሱ። የአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 ከ15 ዓመት በታች ያለ ልጅ መቅጠርን ይከለክላል። ከ15 እስከ 18 ያሉትን ደግሞ በቀን ከ7 ሰዓት በላይ ማሠራት አይፈቀድም። ስለዚህ ትንንሾቹን ይዛችሁ ከመጀመራችሁ በፊት የሕግ ሰው አማክሩ። የወላጆችን ፈቃድ በጽሑፍ ያዙ። እናት ወይም አክስት ቀረጻው ቦታ ትገኝ። እኔ ልጅን በቀን ከሦስት ሰዓት በላይ አልይዝም፤ በፈተና ሳምንት ጭራሽ አልጠራም።

ልጅን ለማስለቀስ ማስፈራራት ደግሞ ነውር ነው። አንድ ቀረጻ ላይ «ውሻህ ሞተ» ተብሎ የተነገረው ልጅ አይቻለሁ። አለቀሰ፣ ተቀረጸ፤ ከዚያ በኋላ ማንንም አላመነም። ለቅሶ ካስፈለጋችሁ ከጀርባው ቅረጹትና ድምፁን ኤዲቲንግ ላይ ጨምሩ።

5. ፈቃድ

መጀመሪያ የብሎኩ ኮሚቴና ጥበቃዎቹ፣ ቀጥሎ ወረዳው። ለመንገድና ለአደባባይ ቀረጻ ከከተማው የባህልና ኪነ ጥበብ ቢሮ ደብዳቤ ይጠየቃል። ከከተማ ጫፍ ስትኖሩ ደግሞ አንድ ወጥመድ አለ። መንገዱን ተሻግራችሁ የአዲስ አበባን ወሰን ሳታውቁት ልታልፉ ትችላላችሁ። ገላን፣ ለገጣፎ፣ ቡራዩ፣ ሰበታና ሱሉልታ ከ2015 ዓ.ም. ወዲህ በሸገር ከተማ ሥር ናቸው። እዚያ ለመቅረጽ የእነሱን ደብዳቤ ያዙ። ቡድናችሁ ውስጥ ኦሮምኛ የሚናገር ሰው መኖሩ ከደብዳቤው እኩል ይረዳል፤ በሰላምታ የሚከፈት በር ብዙ ነው። ድሮን ያለ ፈቃድ አታስነሱ። ይወሰዳል፣ ጣጣው ለእናንተ ይተርፋል።

6. ቀረጻ

አዲስ አበባ ከምድር ወገብ ብዙም አትርቅም። ቀትር ላይ ፀሐይ አናት ላይ ትቆማለችና የልጆቹ ዓይን ጉድጓድ ይሆናል። ከጠዋቱ 1 ሰዓት እስከ 4 ሰዓት፣ ከዚያ ከ9 ሰዓት ተኩል እስከ 12 ሰዓት ቅረጹ። መሃሉን ለምሳና ለቤት ውስጥ ትዕይንት ተዉት። የውጪ ቀረጻ ከጥቅምት እስከ ጥር ይመቻል። ክረምት ልጆቹ ትምህርት ስለሌላቸው ያጓጓል፤ ግን ዝናቡ ቆርቆሮ ላይ ሲወርድ ንግግር የሚባል ነገር አይሰማም።

ካሜራውን ዝቅ አድርጉ። ቁመቱ የልጁ ዓይን ጋ ይሁን። ከዚያ ቁመት ሲታይ የበር እጀታ ሩቅ ነው፣ የሱቁ ባንኮኒ ግድግዳ ነው፣ የትልቅ ሰው ፊት ደግሞ የሚታየው ሲጎነበስ ብቻ ነው። እኔ ለዚህ የምጠቀመው የልብስ ማጠቢያ ሳፋ ገልብጬ፣ ትራስ አድርጌበት ነው።

በስልክ የምትቀርጹ ከሆነ በሰከንድ 30 ፍሬም (ምስል) ላይ አትተዉት። የእኛ መብራት 50 ኸርዝ ስለሆነ አምፖል ሥር ምስሉ ብልጭ ድርግም ይላል። 25 ፍሬም፣ ሻተሩን (እያንዳንዱ ምስል ብርሃን የሚቀበልበትን ጊዜ) 1/50 ሰከንድ አድርጉት።

ሰው ሁሉ ካሜራ ላይ ይጨቃጨቃል፤ ፊልም የሚገድለው ግን ድምፅ ነው። ሰፈራችሁን በሰዓት አጥኑ። እኛ ጋ ጠዋት የቤተ ክርስቲያን ድምፅ ማጉያ አለ፤ አዛን ሰዓቱን ጠብቆ ይመጣል፤ ከ3 ሰዓት ጀምሮ ቆራሌውና ልዋጭ ይዞራሉ፤ ጀርባ ያለው ሕንፃ ላይ ቤቶኔራው ሲነሳ ሥራ ይቆማል። መርሐ ግብሩን ለእነሱ አመቻቹ እንጂ እነሱን ዝም ለማሰኘት አትሞክሩ። ቆራሌው ጥሪውን ሲያሰማ ለብቻው ቅዱት፤ ኋላ ትፈልጉታላችሁ። ከእያንዳንዱ ቦታ ከመነሳታችሁ በፊትም ሁሉም ዝም ብሎ የክፍሉን ድምፅ ለአንድ ደቂቃ ቅረጹ። ኤዲቲንግ ላይ ስትቀጥሉ ስፌቱን የሚሸፍነው እሱ ነው።

ማታ ማታ ፋይሉን ሁለት ቦታ ገልብጡ፤ ሁለቱ አንድ ቤት አይደሩ። የሁለት ቀን ቀረጻ በአንድ ሃርድ ዲስክ ጠፍቶብኛል። ከባጃጅ ወደቀ፣ በቃ።

ስለ ምግብ፦ ረቡዕና ዓርብ ማን እንደሚጾም ቀድማችሁ ጠይቁ። ቡድኑ አንዴ በምሳ ከተቀየማችሁ ከሰዓት በኋላ ብርሃን ቢያምርም ዋጋ የለውም።

7. ፊታችሁን ወደ ልጆቹ አዙሩ

ኤዲቲንጉ አለቀ ብላችሁ ስታስቡ አላለቀም። አሁን ኮሚናሉን ጠይቁ። የእድር ወንበሮችን በፊርማ ውሰዱ፣ አንሶላ ወጥሩ፣ ፈንዲሻ አዘጋጁ። ጀነሬተር ወይም ኢንቨርተር ተዋሱ፤ መብራቱ የሚሄደው ፊልሙ የሚጥምበት ቦታ ላይ ነው። ከአምስት እስከ አሥራ ሁለት ዓመት ያሉ ልጆችን ጥሩ። አያቶችንም ጥሩ። ጓደኞቻችሁን አትጥሩ፤ ስለሚያዝኑላችሁ ያጨበጭባሉ።

እናንተ ፊልሙን አትዩት። አንሶላው ሥር ወደ ተመልካቹ ዞራችሁ ተቀመጡ። ወረቀት ላይ ደቂቃዎቹን በመስመር አስምሩ። ልጅ ሲቁነጠነጥ ነጥብ፣ ወደ ጓደኛው ዞሮ ሲያወራ ሁለት ነጥብ፣ «ሽንቴ መጣ» ብሎ ሲነሳ ክብ። ሽንቱ እውነት ሊሆን ይችላል። አንድ ደቂቃ ላይ የሦስት ልጅ ሽንት ከመጣ ግን ጥፋቱ የእናንተ ነው። አያቶቹንም ተመልከቱ። ስልክ ያወጡበትን፣ ያንገላጁበትን፣ እርስ በርስ የተያዩበትን ጻፉ። የተያዩበትን ቦታ እንዳትነኩት።

ሲያልቅ «ወደዳችሁት?» አትበሉ። ኢትዮጵያዊ ልጅ እንግዳ ሲጠይቀው «አዎ» ነው የሚለው። አንዱን ጥሩና «ላላየው ለወንድምህ ንገረው» በሉት። ሲተርክ የዘለለውን ትዕይንት ልብ በሉ። ሦስት ልጆች የዘለሉት ትዕይንት ይወጣል፣ ምንም ያህል ብትወዱትና ብርሃኑ ቢያምር። እኔ በዚህ መንገድ ከ14 ደቂቃ ፊልም አራቱን አውጥቻለሁ። ከአራቱ ደቂቃ አንዱ ኤክስፕረስ መንገዱ ላይ የጠለቀችው ፀሐይ ነበረች። ሁለት ምሽት የጠበቅናት ፀሐይ ናት። ሄደች።

ወንበሮቹን ቆጥራችሁ መልሱ።

8. እንጀራው

በአጭሩ፣ ከዚህ ብቻ ቶሎ አትበሉም። እኔ የሠርግ ቪዲዮ እየቀረጽኩ ነው የቆየሁት፣ አሁንም ጥር ሲሆን እቀርጻለሁ። አያሳፍርም። ሠርግ ላይ ልጆች ጠረጴዛ ሥር ምን እንደሚያደርጉ ከማንም በላይ አውቃለሁ።

አጫጭር ሥራዎቻችሁ ሦስት ወይም አራት ሲሆኑ ለጣቢያዎች ይዛችሁ ሂዱ። ቤተሰብ ሙሉ ቤት የሚቀመጠው በበዓል ነው፦ እንቁጣጣሽ፣ ገና፣ ፋሲካ፣ ኢድ። ጣቢያዎች የበዓል ዝግጅት የሚመርጡት ቀደም ብለው ስለሆነ በዋዜማው አትሂዱ። ሦስት ወር ቀድማችሁ የተጠናቀቀውን ሥራ በፍላሽ፣ ታሪኩን በአንድ ገጽ ይዛችሁ ግቡ። ትልቅ ስቱዲዮ የለኝም ብላችሁ አትሸማቀቁ። ብሩክታዊት ጥጋቡ ከባለቤቷ ጋር ሆና «ጸሐይ መማር ትወዳለች»ን የጀመረችው ቤቷ ውስጥ፣ በአሻንጉሊት ቀጭኔ ነው። በ2006 እ.ኤ.አ. በኢትዮጵያ ቴሌቪዥን መታየት ጀመረ። አስተማሪ ስለነበረች ልጆችን ታውቃቸዋለች።

ውል ሳትፈርሙ ስክሪፕት አታስረክቡ። አንድ ፕሮዲውሰር «እኛ ቤተሰብ አይደለን እንዴ?» ብሎ ያለ ውል ወሰደብኝና ከዓመት በኋላ ስሜን ፊልሙ መጨረሻ ላይ፣ ከምግብ አቅራቢዋ ቀጥሎ አገኘሁት። ውሉ ላይ ስማችሁ እንደ ደራሲና እንደ ዳይሬክተር የት እንደሚወጣ፣ ክፍያው በስንት ዙር እንደሆነ፣ ዩቲዩብ ላይ ሲጫን ገቢው የማን እንደሆነ፣ ሁለተኛ ክፍል ቢሠራ ማን እንደሚጽፈው ይግባ። ሁለት ምስክር ይፈርም።

ሠራተኛ ደግሞ ከሰፈር አብቅሉ። ከመሃል ከተማ የምታመጡት ባለሙያ ታክሲ ያጣል፣ ያረፍዳል፣ መሽቶብኛል ይላል። የሰፈር ልጅ ደረጃ ወርዶ ይመጣል። እኔ ጋ አሁን ቡም (ረጅም ዘንግ ላይ ያለውን ማይክ) የሚይዘው ልጅ 16 ዓመቱ ነው። ያኔ ኮሚናሉን ጥለው ከወጡት መሃል በጣም የሚጮኸው እሱ ነበር። ክንዱ ረጅም ነው። አንዱን ትዕይንት ለአራተኛ ጊዜ ስንቀርጽ ግን ይደክመዋል፤ ያን ጊዜ «ይሄ ነገር ረዘመ» ይለኛል፣ እኔም ስክሪፕቱን አወጣለሁ።